አርባ እርምጃ በቂሽላቅ ግቢ

እናንተ ይህን የምታነቡ ወገኖቼ፣ አንዲት ሴት ቶብ የሚባለውን የሱዳን ሴቶች ረጅም ልብስ ተጠቅልላ፣ ልጅ ታቅፋ፣ ሰላሳ የሚሆኑ የቀን ሠራተኞች በአንድ ድምፅ እየቆጠሩላት በወታደር ሜዳ ላይ ስትራመድ አይታችሁ ታውቃላችሁ? ያቺ ሴት እኔ ነበርኩ። አብዳለች እንዳትሉኝ። በዚያ ቀን እዚያ ግቢ ውስጥ ከነበርነው ሁሉ ሒሳቡ የገባኝ እኔ ብቻ ነበርኩ።

ነገሩ የሆነው ሱዳን ለሁለት በተከፈለች በዓመቱ ካርቱም ውስጥ ነው። ያኔ ሃያ ስምንት ዓመቴ ነበር። ሀገር ቤት የሁለተኛ ደረጃ የሒሳብ መምህርት ነበርኩ። ባለቤቴ በፖለቲካ ምክንያት መኖር ሲያቅተው አብሬው በመተማ በኩል ወጣሁ። እሱ ኦምዱርማን ጋራዥ ገባ፤ እኔ ደግሞ ሪያድ ሰፈር የአንድ ዶክተር እናት አስታማሚ ሆንኩ። የምንኖረው ጀብራ ሰፈር አንዲት ክፍል ተከራይተን ነው። ሦስት ዓመት ሙሉ ልብሳችን ከሻንጣ ወጥቶ አያውቅም። ታጥቦ ይደርቃል፣ ታጥፎ ተመልሶ ይገባል። «ነገ ብንሄድስ?» ይላል ባለቤቴ። እኔም «እሱስ» እላለሁ።

ከመምህርነቴ የቀረችኝ አንዲት አመል መቁጠር ነበረች። ደረጃ እቆጥራለሁ፣ የመንገድ መብራት እቆጥራለሁ፣ እርምጃ እቆጥራለሁ። ከዶክተሩ ቤት በረንዳ እስከ ውጭው በር ሃያ ሁለት እርምጃ ነው። ይህን ማወቅ ምን ይረባል ብትሉኝ ትንሽ ታገሱኝ።

ቦርሳዬ ውስጥ ደግሞ አንዲት የክብሪት ቀፎ ነበረች። ውስጧ ያለው ክብሪት አይደለም። የልጄ የማህሌት እትብት ነው። ማህሌት ካርቱም ከተወለደች ያኔ ሰባት ወር ሆኗታል። እትብቷ ሲወድቅ በጥጥ ጠቅልዬ ቀፎው ውስጥ አስቀመጥኩት። የት ልቅበረው? የተከራየሁት ግቢ የሰው ነው፣ ሰፈሩ የሰው ነው፣ ሀገሩም የሰው ነው። ባለቤቴ «ሀገራችን ስንገባ እንቀብረዋለን» አለ። ቤት ትቼው እንዳልሄድ ደግሞ አፈሳ አለ፣ ዝውውር አለ። ስለዚህ የትም ስሄድ ከቦርሳዬ አይለይም ነበር።

የማስታምማቸው ሴትዮ ሐጃ ነፊሳ ይባላሉ። ዕድሜያቸው ሰባ ስምንት ነው። ጉልበታቸው ደክሟል፣ ምላሳቸው ግን ገና ሃያ ዓመቱ ነው። ልጄን ይዤ እንድሠራ የፈቀዱልኝ እሳቸው ናቸው። እኔን «ያ ቢቲ» ይሉኛል፣ ልጄ ማለታቸው ነው። አንድ ቀን መነጽራቸውን ቦርሳዬ ውስጥ ሲፈልጉ ያቺን ቀፎ አገኙና ምን እንደሆነ ጠየቁኝ። ስነግራቸው እንባቸው እስኪመጣ ሳቁ።

«እኛም እኮ እንቀብራለን! ያውም ልጁ እንዲሆን የምንፈልገውን መርጠን ነው። ነጋዴ እንዲሆን ሱቅ ደጃፍ፣ ሼህ እንዲሆን መስጊድ ጥግ።»

«ዶክተርንስ የት ቀበሩት?» አልኳቸው።

ሐጃ ግራ ቀኝ አዩና ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። ባለቤታቸው፣ ነፍሳቸውን ይማርና፣ ሻዊሽ ኢድሪስ ይባሉ ነበር፤ ሻዊሽ በእኛ ሃምሳ አለቃ እንደማለት ነው። የሚኖሩት ኦምዱርማን ውስጥ፣ ሱዳኖች ቂሽላቅ በሚሉት የጦር ሰፈር ነበር። የበኩር ልጃቸው ሲወለድ ሻዊሹ መኮንን እንዲሆንላቸው እትብቱን በሰልፍ ሜዳው መሐል እቀብራለሁ አሉ። ሐጃ ግን የገዛ ወንድማቸውን ጦርነት በልቶባቸዋል። እናም ለባላቸው ሌላ ነገር በጨርቅ ቋጥረው ሰጡ። እውነተኛውን እትብት አውራ ጣት በሚያህል የጥይት ቀለህ ውስጥ ከተው፣ አፉን በሙጫ ደፍነው፣ አርባ ቀናቸው ሲሞላ፣ ቂሽላቁ ሁሉ ቀትር ላይ ሲያሸልብ ሄደው ቀበሩት። ጥሩንባ ነፊው ከሚቆምበት ድንጋይ ተነስተው ወደ ክሊኒኩ መስኮት አርባ እርምጃ ቆጥረው። ለአርባ ቀን አርባ እርምጃ።

ልጁም ዶክተር ሆነ።

«ይኼማ የሚያስደስት ነው» አልኩ።

«ለኔ ነው። ለሱ አይደለም» አሉ ሐጃ፣ ፊታቸው ተለወጠ። «አባቱ እስኪሞት ድረስ ‹እትብትህን ሰልፍ ሜዳ ቀብሬ መርፌ ወጊ ሆነህ ቀረህ፣ ከዳኸኝ› ይለው ነበር። ልጄ ያ ነገር ልቡ ውስጥ ቀርቷል። የአባቱ ፎቶ ሳሎን ተሰቅሎ የለ? አንድም ቀን ከሥሩ አይቀመጥም። እውነቱን ሁለት ጊዜ ነገርኩት። ‹ዩማ፣ እናቴ፣ እኔን ለማጽናናት ተረት አትፍጠሪ› አለኝ።»

ከዚያ ወዲያ ሳሎኑን ሳጸዳ አስተዋልኩ። እውነትም ዶክተር ዑስማን ከፎቶው ትይዩ ያለችውን ወንበር እንጂ ከሥሩ ያለውን ሶፋ ነክተውት አያውቁም። ጸጉራቸው የሸበተ ትልቅ ሰው፣ ደግ ሰው፣ ከፎቶ ሲሸሹ ማየት ያሳዝን ነበር።

አንድ ረቡዕ ጠዋት ዶክተሩ ሻያቸውን እየጠጡ ጋዜጣ ያነቡ ነበር። «ዩማ፣ የድሮው ቂሽላቃችን የሴቶች ትምህርት ቤት ሊሆን ነው» አሉ ደስ ብሏቸው። «ሜዳውን በዚህ ሳምንት አርማታ ሊሞሉት ነው።»

ሐጃ ብርጭቆውን አስቀመጡ። «ዛሬ ውሰደኝ።»

«ዛሬ ቀዶ ሕክምና አለኝ። ዓርብ እወስድሻለሁ፣ ኢንሻላህ።» ከዚያ ወደ እኔ ዞሩ። «ጉልበቷን አደራ። ያለኔ ከበር እንዳትወጣ።»

«እሺ ዶክተር» አልኩ። ቃል ገባሁ ማለት ነው። ቃሉ ደግሞ ለእኔ ቀላል አልነበረም። ዶክተሩ ለኢቃማችን፣ ማለትም ለመኖሪያ ፈቃዳችን፣ ዋስ ሊሆኑን ቃል ገብተውልኛል። ወረቀቱ በሚቀጥለው ወር ሊገባ ነው። ከዚህ ቤት ከተባረርኩ ኢቃማውም ይቀራል፣ ተመልሰን ፖሊስ ባየን ቁጥር መንገድ መቀየር ነው።

መኪናው ከመውጣቱ ሐጃ ጫማቸውን አደረጉ።

«ሐጃ፣ የት ነው?»

«እስከ ዓርብ ድረስ ሲሚንቶ ይቀብረዋል። ያላ!»

«አልችልም፣ ቃል ገብቻለሁ!»

«እንግዲያው አንቺ ቃልሽን ጠብቂ፤ እኔ ብቻዬን እሄዳለሁ» ብለው ከበረንዳው ወረዱ። አንድ፣ ሁለት፣ ሦስት... እርምጃቸውን ስቆጥር ጉልበታቸው ሲንቀጠቀጥ ይታየኛል። አሥራ ሁለት ሲደርሱ ማህሌትን አዝዬ፣ ቦርሳዬን አንጠልጥዬ ተከተልኳቸው። ሐጃ ዞር እንኳን ሳይሉ «የሰጠሁሽን ቶብ ልበሺ፣ ፖሊስ እንዳያስቆምሽ» አሉኝ። ከሁሉም የገረመኝ እንደምከተላቸው ማወቃቸው ነው።

ከሪያድ በረክሻ፣ እኛ ባጃጅ በምንለው፣ ወጣን፣ ድልድዩን በሓፍላ ተሻገርን። ሓፍላ ማለት አውቶቡስ ነው፤ ሐጃን ወደ ላይ ለማውጣት ሁለት ሰው ከላይ ሳበ፣ እኔ ከታች ገፋሁ። ኦምዱርማን ገበያ ወርደን ሌላ ረክሻ ያዝን። ሐጃ በመንገዱ ሁሉ እንደ ልጅ እየተንጠራሩ ያያሉ። እኔ በየመብራቱ የዶክተሩን መኪና እፈልጋለሁ። ዶክተሩ ኦፕሬሽን ክፍል ውስጥ መሆናቸውን እያወቅኩ ነጭ መኪና ባየሁ ቁጥር እደበቃለሁ። ካርቱም ውስጥ ደግሞ ነጭ ያልሆነ መኪና ስንት ነው!

ቂሽላቁ ጋ ስንደርስ አራት ሰዓት ሊሞላ ነው። ከፍ ያለ የጡብ አጥር፣ ቅስት ያለው በር፣ በሩ ውስጥ ደግሞ ሰፊ ሜዳ። በዙሪያው ረዣዥም በረንዳ ያላቸው ክፍሎች አዲስ ቀለም ተቀብተዋል። የሜዳው ግማሽ ላይ የፌሮ መረብ ተዘርግቷል፣ ጥግ ላይ የሲሚንቶ ማቡኪያው እየተዘጋጀ ነው። የሥራው ኃላፊ ያሲር የሚባል ወጣት ሙሃንዲስ፣ ኢንጂነር ማለት ነው፣ እየሮጠ መጣ።

«ሐጃ፣ እዚህ መግባት አይቻልም!»

«እኔ የገባሁት አንተ ሳትወለድ ነው» አሉት። ከዚያ ልጃቸውን የሚመለከት አንድ ነገር እዚህ እንደቀበሩና ሊያወጡ እንደመጡ ነገሩት። ሙሃንዲሱ ሰዓቱን አየ።

«ሠራተኞቹ ፉጡራቸውን ሊበሉ ነው። ከፉጡር በኋላ አርማታው ይፈሳል። እስከዚያ ድረስ ብቻ።»

ፉጡር የአራት ሰዓት ቁርስ ነው፤ በሱዳን ያለ እሱ ሥራ የሚባል ነገር የለም። ሐጃ ሜዳውን ቃኙ። ክሊኒኩ ፈርሷል፣ በቦታው ላይ መጸዳጃ ቤት ተሠርቷል። የጥሩንባ ነፊው ድንጋይ ግን አለ፤ ጠፍጣፋ፣ ከመሬት ክንድ ያህል ከፍ ያለ። ሐጃ ሲያዩት እጃቸውን አፋቸው ላይ ጫኑ።

ከድንጋዩ ተነስተው፣ እኔ ክንዳቸውን ይዤ፣ ክሊኒኩ ወደነበረበት አርባ እርምጃ ቆጠሩ። «እዚህ!» አሉ በእርግጠኝነት።

ማን ይቆፍር? ከሠራተኞቹ አንዱ አካፋውን ይዞ ወጣ። ሃምሳ ዓመት የሚጠጋው ረጅም ሰው ነው። ማህሌትን አየና በአማርኛ «እህቴ፣ የኛ ሰው ነሽ?» አለኝ። ዘሪሁን ይባላል፣ ሀገር ቤት ወታደር ነበር። ወደ ሌላ ሀገር ለመሄድ መጥቶ፣ መንገዱ ሳይሳካ በቀን ሥራ ሁለት ዓመት ቆይቷል።

«ጋሽ ዘሪሁን፣ ያንተ ፉጡር ይቀዘቅዛል እኮ» አልኩት።

«ፉል ነው፣ ትናንትም ነበር፣ ነገም አለ» ብሎ መቆፈር ጀመረ።

ጉልበቱ ድረስ ቆፈረ። የተሰበረ ሳህን ወጣ። የወታደር ጫማ ሶል ወጣ። ሌላ ምንም የለም። ወደ ግራ አሰፋ፣ ወደ ቀኝ አሰፋ። ምንም።

«ኸላስ፣ በቃ፣ ሐጃ» አለ ሙሃንዲሱ። ሐጃ ወደ ጉድጓዱ አጎንብሰው ቀሩ። እንደዚያ ሆነው አይቻቸው አላውቅም። ያን ጊዜ የፈራሁት ኢቃማዬን አይደለም። እኚህ ሴትዮ ይህን ነገር ሳያገኙ ቢመለሱ ልጃቸው ዕድሜ ልካቸውን ከዚያ ፎቶ እንደሸሹ ይኖራሉ።

ደግነቱ ከሠራተኞቹ አንዱ «ኢትፈደሊ፣ ሐጃ!» ብሎ ወደ ማዕዱ ጠራቸው። ሱዳን ውስጥ እንዲህ ተብሎ የተጠራ እንግዳ እየበላ ተነሡ አይባልም። ሐጃ ዓይናቸውን ጠረጉ፣ በዓይናቸው ጠቀሱኝና ሄደው ከሠራተኞቹ መሐል ተቀመጡ። ገብቶኛል፤ ጊዜ ሊገዙልኝ ነው።

ከዚያ አንድ ጉርሻ፣ አንድ ታሪክ እያሉ የቂሽላቁን ታሪክ ጀመሩ።

«ይህን ግቢ እንግሊዞች ናቸው የሠሩት። ጡቡን የሠራው ግን የናንተ አያት ነው። ያ በረንዳ የምታዩት መጀመሪያ የፈረስ ጋጣ ነበር። እንግሊዞቹ ሲሄዱ ፈረሶቹም ሄዱ፣ የኛ ወታደሮች ገቡ። እኔ ሙሽራ ሆኜ ስመጣ ክፍላችን ዝናብ ሲዘንብ ገና የፈረስ ሽታ ይሸታል። ባሌን ‹ፈረስ ነው ያገባሁት?› እለው ነበር።»

ሠራተኞቹ ሳቁ። ሙሃንዲሱ ሰዓቱን አየ።

«ጠዋት ጠዋት በዚያ ድንጋይ ላይ ጥሩንባ ይነፋል። ጥሩንባ ነፊው ጥርሱ የወለቀ ቀን ድምፁ እንደ ፍየል ወጣ፣ ሻለቃው ራሱ እየሳቀ ሰልፉ ተበተነ። ሰልፉ ላይ የሚያምሩት ወንዶቹ ነበሩ፣ ቂሽላቁን ያቆምነው ግን እኛ ነን። አባይ ሞልቶ የታችኛውን ሰፈር የወሰደ ዓመት፣ ሕዝቡ በሙሉ እዚህ ሜዳ ላይ ሰፈረ። ወታደሮቹ ለዘመቻ ሄደዋል። ያን ሁሉ ሰው ያበላነው የወታደር ሚስቶች ነን፣ በወታደር ድስት! በኋላ ጦሩ ወደ ሌላ ቦታ ተዛወረ፣ ግቢው የአሮጌ ጎማ መጋዘን ሆነ። አሁን ደግሞ ሴት ልጆች ሊማሩበት ነው። ወላሂ፣ እኔ ስሜን መጻፍ ሳልችል ከዚህ የወጣሁት...» የእጃቸውን ፍርፋሪ አራገፉ። ከዚያ ቶሎ ብለው «ሙሃንዲስ፣ ዳቦ አልቋል፣ ዳቦ አስመጣ!» አሉ። ሙሃንዲሱም ሳያስበው ሰው ላከ።

እኔ ግን አልበላሁም። ከድንጋዩ እስከ ጉድጓዱ ያለውን አቧራ እያየሁ ነበር። የሐጃ ዱካ ከእኔ ዱካ ጎን ለጎን ታትሟል። ሳስደግፋቸው የእሳቸውን እርምጃ ተከትዬ ነው የሄድኩት። አሁን ብቻዬን ከጉድጓዱ ወደ ድንጋዩ የተመለስኩበትን ዱካዬን ዞሬ አየሁ። አንዱ የእኔ እርምጃ የእሳቸውን ሁለት ሊሞላ ምንም አልቀረው።

አርባ እርምጃ! ግን የማን አርባ?

ሮጬ ሐጃ ጋ ደረስኩ። «ሐጃ፣ ያኔ ስንት ዓመትዎ ነበር?»

«ሃያ አምስት። እንዳንቺ ረጅም። እንዳንቺ ቆንጆ ግን አይደለም፣ እበልጥሽ ነበር።»

«የቆጠሩት በሃያ አምስት ዓመትዎ ጉልበት ነው! አሁን የቆጠሩት በሰባ ስምንት ነው! ቦታው እዚያ ጋ ነው ያለው፣ ወደፊት!»

ጉድጓዱን አዩ፣ ድንጋዩን አዩ። ከዚያ ጭናቸውን መቱ። «ያ ቢቲ፣ በአላህ! ሂጂ፣ አንቺ ተራመጅልኝ!»

ድንጋዩ ላይ ቆምኩ። ሐጃ ከማዕዱ ላይ ሆነው እንደ አዛዥ ጮኹ። «ቶብሽን ልቀቂው! እስከ ጉልበትሽ ሰብስበሽ እንደ ግንበኛ አትራመጅ። እስከ ቁርጭምጭሚትሽ ጠቅልይው። ልጅቷንም ከጀርባሽ አውርደሽ እቀፊያት፤ እኔ ያኔ ልጄን ታቅፌ ነበር!»

ቶቡን አጥብቄ ጠቀለልኩ፣ ማህሌትን አቀፍኩ። እውነትም እርምጃዬ አጠረ፤ እንዲያውም አካሄዴ የሌላ ሴት ሆነ። ስጀምር አንዱ ሠራተኛ «ዋሒድ!» አለ። ሁለተኛው ላይ ሌሎቹ ተቀበሉት። «ኢትኔን! ተላታ! አርባዓ!» ሰላሳ ሰው ዳቦውን እንደያዘ ተነሥቶ በአንድ ድምፅ ይቆጥራል። ማህሌት የእኔን አንገት ይዛ ትስቃለች። ሃያ ላይ የመጀመሪያውን ጉድጓድ ልደርስበት ተቃረብኩ። ሃያ አምስት ላይ አለፍኩት። ሠላሳ ሦስት ላይ የፌሮው መረብ ላይ ወጣሁ። «አርበዒን!» ሲሉ ቆምኩና እግሬን ከነበረበት አላነሣሁም።

ሁሉም ወደ ሙሃንዲሱ ዞረ። ፌሮውን ማስነሣት ማለት የግማሽ ቀን ሥራ ማበላሸት ነው። ሙሃንዲሱ ሐጃን አየ፣ እኔን አየ።

«አንቺ ማን ነሽ?»

«የሒሳብ መምህርት ነኝ» አልኩት። በሦስት ዓመት ውስጥ ለመጀመሪያ ጊዜ «ነበርኩ» ሳልል።

«እሺ፣ ኡስታዛ» አለ። «አንዱን መረብ ብቻ አንሡ።»

ዘሪሁን ቆፈረ። ሁሉም ከበበው። ክንድ ያህል ሳይወርድ አካፋው «ቅጭል» አለ። አፈሩን በእጁ ጠረገው። አረንጓዴ ዝገት የያዘ ናስ ብቅ አለ።

«ጥይት! ጥይት!» አለ አንዱ። የጦር ሰፈር የነበረ ግቢ መሆኑን ሁሉም ያን ጊዜ አስታወሰ። ሰላሳ ሰው በአንድ ጊዜ ተበተነ፣ የፉል ድስቱ ተገለበጠ። ሙሃንዲሱ ስልኩን አወጣ። «ማንም እንዳይነካው! ፖሊስ ልጥራ!»

ፖሊስ ሲል ዓይኔ እስከ በሩ ያለውን እርምጃ ቆጠረ። ኢቃማ የለኝ፣ አስታምሚ የተባልኳቸውን ሴትዮ ሰርቄ መጥቻለሁ፣ አሁን ደግሞ ጥይት አስቆፍሬያለሁ። ማህሌትን ወደ ደረቴ ጫንኳት።

ዘሪሁን ግን ከጉድጓዱ ንቅንቅ አላለም። ቀለሁን አነሣ፣ ቂጡን ገልብጦ አየ። «እህቴ፣ ንገሪያቸው፣ ይቺ ባዶ ቀለህ ናት። የተተኮሰች ናት፣ ይኸው ተመትታለች። በሀገሬ ስንቷን ለቅሜያለሁ።»

ልተረጉም አፌን ሳልከፍት የሐጃ ድምፅ ከኋላ መጣ። «ጥይት አይደለም እኮ! ዶክተሬ ነው!»

እየሳቁ፣ እያለቀሱ፣ ሁለት ሰው ደግፏቸው ደረሱ። ለሙሃንዲሱም «ፖሊሱን ተውና በዚህ ቁጥር ልጄን ጥራልኝ» አሉት። እኔ በልቤ ፖሊሱ ይሻለኝ ነበር አልኩ።

ዶክተር ዑስማን ከኦፕሬሽን እንደወጡ ልብስ ሳይቀይሩ ነው የመጡት። አረንጓዴው ልብሳቸው ላይ ጃኬት ደርበዋል። መጀመሪያ የመጡት ወደ እኔ ነው።

«አደራ አላልኩሽም? በዚህ ጉልበቷ፣ በዚህ ፀሐይ፣ በሓፍላ? ነገ...»

«ዑስማን!» አሉ ሐጃ። ጥሩንባ ነፊው ድንጋይ ላይ ተቀምጠዋል። «ና። እጅህን ዘርጋ።»

ቀለሁን መዳፋቸው ላይ አኖሩላቸው። ዶክተሩ አገላብጠው አዩት። አፉ ላይ ያለው ሙጫ ጠንክሮ እንደ መስታወት ሆኗል። በቁልፍ ጫፍ ቀስ ብለው ሰበሩት። ውስጡ ቢጫ የሆነ የፋሻ ጥቅልል አለ፣ በፋሻው ውስጥ አንዲት የደረቀች ጥቁር ነገር። የስንት ሰው ሆድ የከፈቱ ጣቶች ፋሻውን ቀስ ብለው መልሰው ጠቀለሉት።

«ይህ ክሊኒኩ መስኮት ሥር ነበር?»

«መስኮቱ ሥር።»

«ታዲያ አባቴ እዚህ ሜዳ መሐል የቀበረው ምንድን ነው?»

ሐጃ አንገታቸውን ደፉ። «ባሚያ።»

«ምን?»

«ደረቅ ባሚያ። በጨርቅ ቋጥሬ ሰጠሁት። በጣም ይመሳሰላል እኮ! እሱም በክብር ቀበረው፣ ሰላምታም ሰጠው።»

 ዘሪሁን በአማርኛ «ወይ ጉድ፣ ለባሚያ ሰላምታ!» አለ። ሳልተረጉመው ሁሉም ገባው መሰለኝ፣ ሠራተኛው በሳቅ ተንከተከተ። ዶክተሩም ሳቁ። ሳቃቸው መሐል ላይ ተለወጠና ከእናታቸው ጎን ድንጋዩ ላይ ተቀመጡ። «አልከዳሁትም ማለት ነው» አሉ ቀስ ብለው።

«አንተ አልከዳኸውም። የከዳሁት እኔ ነኝ። ወላሂ፣ ዛሬም ቢሆን እከዳዋለሁ!»

ሙሃንዲሱ ጉሮሮውን ጠረገ። «እንግዲህ ጉድጓዱን እንድፈነው? አርማታው እየደረቀ ነው።»

«ቆይ» አሉ ሐጃ። ወደ እኔ አዩ፣ ከዚያ ወደ ቦርሳዬ። «ያ ቢቲ፣ ያቺ ቀፎሽ አለች?»

ምን ማለታቸው እንደሆነ ወዲያው ገባኝ። ገባኝና ፈራሁ። ባለቤቴ ምን ይላል? ይህ ሀገሬ አይደለም። ነገ ብንሄድስ? ግን ደግሞ ማህሌትን አየኋት። የዚያን ግቢ አቧራ በእጇ ዘግና ልትበላ ትታገላለች። እኔ ሀገሬ አይደለም ስል እሷ ግን ከዚህ ሌላ ያየችው ሀገር የለም። ሰባት ወር ሙሉ እትብቷን በቦርሳ ያንከራተትኩት እሷ ቦታ አጥታ አይደለም፤ እኔ አንድ ቦታ ረግቶ መኖርን ፈርቼ ነው።

ቀፎውን አወጣሁ። ዶክተሩ የራሳቸውን ፋሻ በኪሳቸው ከተቱና ባዶውን ቀለህ ሰጡኝ። «ቤት ይሁናት። እኔን ጠብቆኛል» አሉ።

ሐጃ «ምን እንድትሆን ነው የምትፈልጊው?» ብለው ጠየቁኝ።

«ትምህርት ቤት ነው፤ ራሷ ትምረጥ» አልኩ።

ዘሪሁን አፈሩን መለሰ፣ በእግሩም ደልደል አደረገው። መረቡ ወደ ቦታው ተመለሰ። አርማታው ሲፈስበት ማህሌትን ይዤ ቆሜ አየሁ። ቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ነበር።

ወደ ቤት የተመለስነው በዶክተሩ መኪና ነው። ማታ ወደ ጀብራ ልሄድ ስል ዶክተሩ በአባታቸው ፎቶ ሥር ሶፋው ላይ ተጋድመው፣ ጋዜጣ ደረታቸው ላይ ተዘርግቶ ያንኮራፉ ነበር። ሐጃ በበሩ በኩል አሳዩኝና አፋቸውን በቶባቸው ሸፍነው ሳቁ።

እቤት ስደርስ ለባለቤቴ ከመንገሬ በፊት ሻንጣውን ከፈትኩ። ልብሱን ሁሉ አወጣሁ። ከጎረቤት መዶሻ ተውሼ ግድግዳው ላይ ስምንት ምስማር መታሁ። ባለቤቴ ገብቶ ሲያይ «ምን ሆነሻል?» አለኝ። ነገርኩት። ምስማሮቹን አንድ በአንድ አያቸው፤ ተቆጣ ብዬ ነበር። ከዚያ ኮቱን አወለቀና ዘጠነኛ ምስማር የት እንዳለ ጠየቀኝ።

ኢቃማው በወሩ ገባ፣ ወጣም። ሙሃንዲስ ያሲር ደግሞ አልረሳኝም። ትምህርት ቤቱ ሲከፈት ለርእሰ መምህርቷ «አንዲት ኡስታዛ አለች፣ በእግሯ የምታሰላ» ብሎ ነገራት፤ ከሰዓት በኋላ በሒሳብ የደከሙ ልጆችን ማስጠናት ጀመርኩ። ዘሪሁን የሚሄድበት ሄደ፣ ደርሷል። አንዳንድ ጊዜ ስልክ ይደውልና «ባሚያችን እንዴት ናት?» ይላል፤ ማህሌትን ማለቱ ነው።

እናንተ አንባቢዎቼ፣ ሰው ሀገር የምትኖሩ ትኖራላችሁ። ሻንጣችሁን ሳትፈቱ ዓመታት የቆጠራችሁም አትጠፉም። እኔ ሀገራችሁን እርሱ አልላችሁም፤ እኔም አልረሳሁም። ግን ሦስት ዓመት «ነገ እንሄዳለን» እያልኩ ዛሬን በሙሉ ሳልኖርበት ነው ያለፍኩት። ያ ይቆጨኛል። አንዲት የወታደር ሚስት ከሃምሳ ዓመት በፊት በሰው ግቢ፣ በሰው ሕግ ሥር ሆና፣ ለልጇ የምትፈልገውን በገዛ እጇ ቀበረች። እኔ ምን ጎደለኝ?

በቅርቡ ማህሌት ስድስት ዓመቷን ሞልታ በዚያው ትምህርት ቤት አንደኛ ክፍል ገባች። አማርኛዋና ዓረብኛዋ ተደባልቀዋል። የመጀመሪያው ቀን በዚያ ቅስት ባለው በር ይዣት ስገባ የጥሩንባ ነፊው ድንጋይ ጋ አቆምኳት፤ ትምህርት ቤቱ ሳያፈርሰው ቀርቷል፣ ደወል ተተክሎበታል። «የአንቺ እትብት ከዚህ አርባ እርምጃ ላይ ነው» አልኳት።

«ማማ፣ ያላ፣ እኔ ልቁጠር!» ብላ እጄን ለቀቀች።

ቆጠረች። አርባ ላይ ቆመችና ዞራ አየችኝ። ገና ነው ብዬ ራሴን ነቀነቅኩ። ቀጠለች፣ ስልሳ፣ ሰባ፣ ሰማንያ። እኔ ቦታውን በዓይኔ አውቀዋለሁ፤ ዘጠና አንድ ላይ ስትደርስ «እዚያ!» አልኳት። እግሮቿን ገጥማ አርማታው ላይ ቆመች፣ ቦርሳዋ ከጀርባዋ ይበልጣል። የተሳሳትኩ መስሏት ትገሥጸኛለች ብዬ ጠበቅኩ።

ትንሽ አሰበችና «ማፊ ሙሽኪላ፣ ችግር የለም፣ ማማ» አለችኝ። «ሳድግ አርባ ይሆናል።»